ወረታ ሳይመልስ

ምኞት ጃፓን የሄደችው ለሩዝ ነበር። ወረታ ካለው የሩዝ ምርምር ሥራዋ ተመርጣ ለሦስት ወር ሥልጠና ተላከችና ዘር ስታዳቅል፣ ችግኝ ስታዛውር፣ የፍሬ እርጥበት ስትለካ ከረመች። አርባ ሁለት ዓመቷ ነው። የሁለት ልጆች እናት ናት፤ ባሏ ይሁኔ ከጎጃም ተመድቦ መጥቶ ወረታ የቀረ የሒሳብ መምህር ነው። ፎገራ ሜዳ ላይ የማያውቃት ገበሬ የለም። ቦት ጫማዋን አጥልቃ ማሳ ውስጥ ስትገባ ከሩቅ ያዩዋት "የሩዟ ልጅ መጣች" ይላሉ።

ሥልጠናው ሊያልቅ አንድ ሳምንት ሲቀረው ሠልጣኞቹ ካናዛዋ በምትባል ከተማ አጠገብ ባሉ ገበሬዎች ቤት ተደለደሉ። ምኞት ያረፈችበት ቤት እመቤት ዝምተኛ ሴት ነበረች። ምኞት ከማሳ ማሳ ስትል፣ እራት ላይ እንኳ ማስታወሻዋን ስትጽፍ አምስት ቀን ሙሉ አየቻትና ዐርብ ዕለት አንድ ፖስታ ሰጠቻት። ውስጡ የቅዳሜ ጠዋት ቀጠሮ ነበር። የከተማውን አሮጌ የጌይሻዎች ሰፈር በእግር የምታሳያት አስጎብኚ ለብቻዋ ይዛላታለች።

"ጌይሻ ምንድን ነው?" አለች ምኞት። ቃሉን ሰምታው ታውቃለች፤ ግን እርግጠኛ አልነበረችም።

እመቤቲቱ ስልኳ ላይ ተናገረች፤ ስልኩም በእንግሊዝኛ ተረጎመው። "በዘፈን፣ በውዝዋዜና በጨዋታ እንግዳ የምታስተናግድ ሴት ናት። ሥራዋ እሱ ነው። ከልጅነቷ ትማረዋለች።"

ምኞት ፈገግ ብላ አመሰገነች። ልትሄድ ግን አልፈለገችም። ስጦታ መመለስ ነውር ባይሆን ኖሮ "ራሴን አሞኛል" ብላ ትቀር ነበር። ምክንያቱን ለባሏ እንኳ ነግራው አታውቅም።

አስጎብኚዋ ወይዘሮ ፉሚኮ የሚባሉ፣ ጡረታ የወጡ የእንግሊዝኛ መምህርት ነበሩ። በማግስቱ ድልድይ አፍ ላይ ጃንጥላ ዘርግተው ጠበቋት፤ ለእሷም ሌላ ጃንጥላ ይዘዋል። ዝናቡ ስስ ነው፤ ፎገራ ላይ ክረምቱ ሊወጣ ሲል የሚጥለውን ካፊያ ይመስላል። ወንዙን ተሻግረው ሰፈሩ ውስጥ ገቡ።

መንገዱ ጠፍጣፋ ድንጋይ የተነጠፈበት ነው። ግራና ቀኙን አንድ ፎቅ ያላቸው የእንጨት ቤቶች ትከሻ ለትከሻ ተደግፈው ቆመዋል። ፊታቸው በቀጫጭን እንጨት ርብራብ ተሸፍኗል፤ ከውስጥ ያለው ሰው ውጩን ያያል፣ ከውጭ ያለው ግን ውስጡን አያይም። እንጨቱ ከዘመን ብዛት ጠቁሯል። በየደጁ አጭር መጋረጃ ተንጠልጥሏል።

"እንግዳው ጫማውን ታች ያወልቃል። ዘፈኑ ፎቅ ላይ ነው" አሉ ፉሚኮ። "ግን ማንም ዝም ብሎ አይገባም። ቤቱ የሚያውቀው ሰው ይዞት መምጣት አለበት።"

"የሚያውቀው ሰው ከሌለስ?"

"በትሕትና ይመለሳል።"

ምኞት ሳታስበው ሳቀች። ሸጌ ትዝ ብላት ነው። ሸጌ ቤት ማንም ይገባ ነበር። ከበራፍ ላይ ስሙንና አገሩን ትጠይቀዋለች፤ ወንበር ይዞ እስኪቀመጥ ድረስ በስሙ ግጥም አበጅታ ትጠብቀዋለች።

ሸጌ የምኞት እናት እህት ናት። እናቷ ባየች በወሊድ ስትሞት ምኞትን ከአራስነቷ አንስታ ያሳደገቻት እሷ ናት። በዚያ ዘመን ወረታ ላይ ከመናኸሪያው ጀርባ ጠጅ ሰፈር የሚባል ነበር። ከጎንደር ባሕር ዳር፣ ከባሕር ዳር ደብረ ታቦር የሚያልፍ ሾፌርም፣ ነጋዴም፣ ከብት ሸጦ የሚመለስ ገበሬም ማረፊያው እዚያ ነው። ከቤቶቹ ሁሉ ደግሞ የሸጌ ቤት ስሙ የወጣ ነበር። አያልነህ የሚባል አዝማሪ መሰንቆውን ይገዘግዛል፤ ሸጌና ጓደኛዋ ታይቱ እየተቀባበሉ ይዘፍናሉ። ብርሌ የጨበጠ እንግዳ "ተቀበይ!" ብሎ ግጥም ሲወረውር ሸጌ ትቀበለዋለች፤ ከወረወረው ይልቅ አሳምራ ትመልስለታለች። ሕፃኗ ምኞት ከመጋረጃ ጀርባ መደብ ላይ ተጋድማ ስትሰማ እንቅልፍ ይዟት ይሄዳል።

አሥራ ሁለት ዓመት ሲሆናት አንድ ቀን መምህሩ ክፍል ውስጥ የየልጁን አሳዳጊ ሥራ ጠየቀ። ምኞት "ነጋዴ ናት" አለች። ክፍሉ በሳቅ ተናጋ። ከኋላዋ የተቀመጠ ልጅ እጁን እንደ መሰንቆ ተጫዋች እያመላለሰ "ተቀበይ!" አላት። ቤቷ ገብታ ስታለቅስ ዋለች፤ ለሸጌ ግን ምን እንደሆነች አልነገረቻትም። በዚያው ወር ሸጌ ቤቱን ዘጋች። "ንስሐ አባቴ ከለከሉኝ" አለች። ሩዝ ፎገራ ላይ ገና መስፋፋቱ ነበርና ከገበሬ እየሸመተች መሸጥ ጀመረች፤ በዚያ ንግድ ምኞትን ዩኒቨርሲቲ አደረሰቻት። ከዚያ ወዲህ ሰው ስለ ቤተሰቧ ሲጠይቃት ምኞት "ያሳደገችኝ አክስቴ ናት፤ የሩዝ ነጋዴ ነች" ትላለች። ውሸት አልነበረም። ይሁኔም የሚያውቀው ይህንኑ ነው።

ፉሚኮ ሰው የማይኖርበት፣ ለጎብኚ ብቻ የቀረ አንድ ቤት አስገቧት። ጫማቸውን አውልቀው በጠባቧ ደረጃ ወጡ። ግድግዳው ቀይ የሆነ ክፍል ነው፤ ወለሉ ሰሌን። ጥግ ላይ ከበሮ፣ ዋሽንትና ሻሚሰን የሚሉት ሦስት ጅማት ያለው አንገተ ረጅም መሣሪያ በመስታወት ውስጥ ተቀምጠዋል። ምኞት ፊቷን ወደ መስታወቱ አስጠግታ ብዙ ቆመች። የመሣሪያው አንገት፣ ጣት ዘመናት የተመላለሰበት ቦታ ላይ ቀለሙ ለቋል።

"ልጆቻቸው ያፍሩባቸው ነበር?" አለች፣ ዘወር ሳትል።

ፉሚኮ ወደ መስታወቱ ቀረቡ። "ይህን የጠየቀኝ እንግዳ የለም። ሁሉም የሚጠይቀኝ ስለ ፀጉራቸውና ስለ ልብሳቸው ነው" አሉ። ቀጥለውም፣ "ከድህነት የተነሣ ወላጅ ለነዚህ ቤቶች ሰጥቷቸው እያለቀሱ የመጡ ልጆች ነበሩ። ማማሩን ብቻ ብነግርሽ እዋሽሻለሁ። ያፈረባቸውም አይጠፋም። አንቺ ግን ለምን ጠየቅሽኝ?" አሏት።

ምኞት ከሠላሳ ዓመት በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ ተናገረችው። የማታውቃቸው ሰው ናቸው፤ አገሩም ቋንቋውም የሰው ነው፤ ምናልባት ለዚህ ይሆናል የቀለላት። ስለ ጠጅ ሰፈር፣ ስለ መጋረጃው፣ ስለ ክፍሉ ሳቅ ሁሉንም ዘረገፈችው። ፉሚኮ ጃንጥላቸውን በሁለት እጃቸው ይዘው አዳመጡ። ስትጨርስ ሰዓታቸውን አዩና፣ "ቀጥሎ የወርቅ ቅብ ሱቅ ነበር የማሳይሽ። እሱ ይቅር። አንዲት የማውቃቸው ሴት አሉ" አሉ።

ሴትዮዋ ከዋናው መንገድ ገባ ባለች ቀጭን ቅያስ ውስጥ ሻይ ይሸጣሉ። ኪኑዬ ይባላሉ፤ ምኞት ስሙን ስትሰማ የኛ አገር ሰው ያቆላመጠው መስሏት ደገመችው። ሰማንያ አራት ዓመታቸው ነው፤ ጌይሻነቱን ትተው ሃያ ዓመት አልፏቸዋል፤ ወገባቸው ግን እንደ ወጣት ቀጥ ያለ ነው። ፉሚኮ በጃፓንኛ ጥቂት አወሯቸው። አሮጊቷ ምኞትን ከእግር እስከ ራሷ አዩና ምንም ሳይሉ ሻሚሰናቸውን አንሥተው ተጫወቱ። ድምፃቸው ተሰብሯል። የተሰበረውን ድምፅ ግን የት ላይ እንደሚያሳርፉት ያውቃሉ። ምኞት ይህን ዓይነቱን ዕውቀት ታውቀዋለች፤ ሸጌ ጉንፋን በያዛት ቀን እንዲህ ነበር የምትዘፍነው።

ሲጨርሱ አንድ ነገር ተናገሩ። ፉሚኮ ሳቁና ተረጎሙት። "አሁን ተራው ያንቺ ነው ይላሉ።"

"እኔ? እኔ እኮ የግብርና ባለሙያ ነኝ!"

"ነግሬያቸዋለሁ። 'ይሁን፤ ትዝፈን' ይላሉ።"

ምኞት ከአሥራ ሁለት ዓመቷ ወዲህ ሰው ፊት ዘፍና አታውቅም። ልጆቿን ስታስተኛ እንኳ ታንጎራጉራለች እንጂ ቃል አታወጣም። ጉሮሮዋን ጠረገች፤ ዓይኗን ጨፈነች፤ ከመጋረጃው ጀርባ ሆና ስትሰማው የኖረችው ዜማ መጣላት።

*እግሩን አጠብኩለት፣ ስንቁን ቋጠርኩለት፣*
*ወረታ ሳይደርስ መንገዱ ጣመለት።*

ሁለቴ ደገመችው። ሦስተኛው ላይ ኪኑዬ በሻሚሰናቸው ከሥር ገቡ፤ ዜማው ባይገጥምም ምቱ ገጠመ። ሲያበቁ አሮጊቷ፣ "ማን አስተማረሽ?" አሏት በፉሚኮ በኩል።

"እናቴ" አለች ምኞት። አክስቴ ልትል አስባ ነበር፤ የወጣው ይኸ ነው።

"በሕይወት አለች?"

"አለች።"

"ታዲያ አንቺ እዚህ ምን ትሠሪያለሽ?" አሉ ኪኑዬ።

ፉሚኮ ሲተረጉሙ አፍረው ሳቁ። ምኞትም ሳቀች፤ እየሳቀች ግን እንባዋ ጉንጯ ላይ ደርሶ ነበር።

ኅዳር መጀመሪያ ላይ አገሯ ገባች። መጀመሪያ ነገሩን የነገረችው ለይሁኔ ነው። ልጆቹ ትምህርት ቤት ሳሉ፣ እሱ የተማሪ ደብተር እያረመ፣ ሁሉንም ነገረችው። ይሁኔ ቀይ እስክሪብቶውን አስቀምጦ እስከ መጨረሻው ሰማት።

"አሥራ አምስት ዓመት ሙሉ ይህን ነው የደበቅሽኝ?"

"ይህን ነው።"

"እኔ እኮ አባቴ እስር ቤት እንደነበረ ደብቄሻለሁ" አለ። ከሁለቱ ማን ቀድሞ እንደሳቀ አይታወቅም። የእሱን ታሪክ በሌላ ቀን ተጨዋወቱት።

ሸጌ አሁን የምትኖረው ቁሐር ሚካኤል ነው፤ በሩዝ ንግዷ ከቤተ ክርስቲያኑ ወረድ ብሎ ቤት ሠርታ። ክረምት ክረምት ውሃ ደጇ ድረስ እየመጣ ያሰጋታል፤ እሷ ግን ወረታ ግቢ ቢሏት እሺ አትልም። ምኞት ስትሄድ ውሃው ሸሽቶ ሜዳው የአጨዳ ነበር። ሩዙ ነዶ ነዶ ተከምሯል፤ የታጨደበት ማሳ ላይ ከብቱ ተለቆ ቃርሚያ ይለቅማል፤ አንዳንዱ ገበሬ እርጥበቱ ሳያመልጠው ጓያ ሊዘራ ይጣደፋል። ሸጌ ደጇ ላይ የበሬ ቆዳ አንጥፋ በሰፌድ ሩዝ ታበጥራለች። ሰባ አራት ዓመቷ ነው፤ ቆርባለች፤ ራሷን በነጭ ሻሽ ጠቅልላለች።

"እታለም!" አለች ምኞት፤ ከልጅነቷ የምትጠራት እንደዚያ ነው። ጉልበቷን ሳመች። ሸጌም ጉንጯን አገላብጣ ሳመቻትና፣ "ከሳሽ። ሩዝ አገር ሄደሽ ሩዝ አጣሽ?" አለቻት።

ምኞት ስለ ካናዛዋ ነገረቻት። ስለ ሰፈሩ፣ ስለ እንጨት ርብራቡ፣ ስለ ቀዩ ክፍል፣ ስለ ሻይ ሻጯ አሮጊት። ሸጌ ሰፌዱን ሳታቆም ሰማች።

"እና ሰው ገንዘብ ከፍሎ ባዶ ቤት ያያል?"

"ያያል።"

"ባዶ ቤትስ እኛም አለን" አለችና ሳቀች።

"እሱን አሳዪኝ ልልሽ ነው የመጣሁ። ጠጅ ሰፈርን። ልክ እንዳስጎብኚዋ እየመራሽ፣ ይኸ የእገሌ ቤት ነበር፣ እዚህ እንዲህ ሆነ እያልሽ።"

የሸጌ እጅ ቆመ። "አይ እቴ! ቆርቤ አይደለም? ምን አገባኝ እዚያ" አለች። ፊቷንም አዞረች። ምኞት አልተጫነቻትም። ሲመሻሽ ተሳስመው ተለያዩ።

ቅዳሜ ጠዋት ምኞት በሯ ሲንኳኳ ከፈተችው። ሸጌ አዲስ ነጠላ ለብሳ፣ ከዘራዋን ይዛ ቆማለች። "ገበያ ልወጣ ነበር። ካለፍኩ አይቀር ላሳይሽ" አለች። ገበያ እንዳልወጣች ሁለቱም ያውቁታል፤ ዘንቢል አልያዘችም።

ከመናኸሪያው ተነሡ። ሚኒባሱ ይጮኻል፤ ረዳቶች "ባሕር ዳር! ባሕር ዳር!" ይላሉ። ከመናኸሪያው ጀርባ ያለው ቅያስ ዛሬ የሩዝ መፈልፈያ ሰፈር ነው። ወፍጮው ከየቤቱ ያጓራል፤ የገለባው ብናኝ የሰውን ቅንድብ ሳይቀር ያነጣል። ምኞት በሥራዋ ምክንያት በዚህ መንገድ ሺ ጊዜ ተመላልሳለች። እንዲህ ግን አላየችውም።

"ቁሚ" አለች ሸጌ፣ አንድ የሞባይል ሱቅ ፊት። "ይኸ የእማሆይ ውዳሴ ጠጅ ቤት ነበር። ያን ጊዜ እማሆይ አልነበሩም፤ ኋላ መነኮሱ። ጠጃቸው ውሃ ይበዛው ነበር፤ ነፍሳቸውን ይማር።" ትንሽ ሄዳ ደግሞ ከዘራዋን ወደ አንድ ግንብ ቤት ቀሰረች። "እዚህ ጋ አንድ የጭነት ሾፌር ነበር፤ የአዴት ሰው፤ ሞተሩን ሳያጠፋ ገብቶ 'አንድ ዘፈን ሰምቼ ልሂድ' አለ። ሦስት ሰዓት ጨፍሮ ሲወጣ ነዳጁ አልቆ መኪናው ቀጥ ብሏል። ለሳምንት 'ነዳጅህን ማን ጠጣው' እያልን ዘፈንበት።"

እየሄዱ በሄዱ ቁጥር ድምጿ እየሞቀ፣ ከዘራዋም መደገፊያነቱ ቀርቶ መጠቆሚያ እየሆነ መጣ። አላፊ አግዳሚው ዘወር እያለ ያያቸው ጀመር። አንድ የመሥሪያ ቤት ባልደረባዋ ከወፍጮ ቤት ወጥቶ ምኞትን ሰላም አላትና ወደ ሸጌ አየ። ምኞት አፏን ከፈተች፤ ለአፍታ ያቺ የለመደችው 'የሩዝ ነጋዴ' የምትል ቃል ምላሷ ላይ መጣች። "እናቴ ናት" አለች። "እዚህ ሰፈር ዘፋኝ ነበረች። በዘመኗ እሷን የሚያክል አልነበረም።" ሰውየው ጎንበስ ብሎ ሸጌን እጅ ነሣ። ሸጌ ሰላምታውን ተቀብላ፣ እሱ እስኪርቅ በዓይኗ ሸኘችው። ከዚያ፣ "ነጠላዬ ተጣሟል? ምነው አላስተካከልሽልኝ?" ብቻ አለች።

የራሷ ቤት የቅያሱ መጨረሻ ላይ ነበር። ጭቃ ግድግዳው ቆሟል፤ ጣራው ተለውጧል። የመፈልፈያው ባለቤት የገለባ ጆንያ ማከማቻ አድርጎታል። ባለቤቱን አስፈቅደው ገቡ። ብርሃን በመስኮት ገብቶ ብናኙን ያሳያል። ከጆንያው በላይ የግድግዳው አሮጌ ሰማያዊ ቀለም አለ። ሸጌ ቆማ አየችው። "አያልነህ እዚያ ጋ ነበር የሚቀመጥ። ታይቱ በቀኜ። አንቺ ከዚያ ወዲያ" አለች።

"ጃፓን አገር ዘፈንኩ አላልኩሽም?" አለች ምኞት። "ያንቺን ዘፈን ነው የዘፈንኩት።" ከዚያም በጆንያዎቹ መካከል ቆማ፣ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ ደገመችላት።

*እግሩን አጠብኩለት፣ ስንቁን ቋጠርኩለት፣*
*ወረታ ሳይደርስ መንገዱ ጣመለት።*

"ምን አልሽ?" አለች ሸጌ። ግንባሯ ተቋጠረ። "ሳይደርስ?"

"ሳይመልስ ነው!" የሚል ድምፅ ከደጅ መጣ። "ማነው ይህን ግጥም የሚገድለው?" አንድ ረጅም ሽማግሌ በራፉን ይዘው ቆመዋል። ከፊት ለፊት ካለው የልጃቸው ሱቅ በራፍ ላይ ተቀምጠው ሲገቡ አይተዋቸው ነው የመጡት። ምኞት ጢማቸው ነጭ ቢሆንም በጣታቸው አወቀቻቸው። መሰንቆ ተጫዋቹ አያልነህ ናቸው።

"ሳይደርስ ያልሽ እንደሆነ እኮ ሰውየው መንገድ ላይ ቀረ ማለት ብቻ ነው" አለች ሸጌ፣ ለአያልነህ ሰላምታ እንኳ ሳትሰጥ። "ወረታ ሳይመልስ ነው የሚባል። ከተማዋ ሰሙ ናት። ወርቁ ውለታ ነው፤ ወረታ መመለስ፣ ውለታ መክፈል። ያጠብኩት፣ የሰነቅኩት ሰው ውለታዬን ሳይመልስ ሄደ ነው የምለው። አንቺ ወርቁን ጣልሽውና ሰሙን ይዘሽ ጃፓን ድረስ ተሻገርሽ!"

ሦስቱም ሳቁ። የምኞት ሳቅ ግን ቶሎ ደረቀ። ሠላሳ ዓመት ሙሉ ዘፈኑን ስለ አንድ መንገደኛ ነው ብላ ይዛው ኖራለች። ጆንያው ላይ ተቀመጠች።

"እታለም፣ ይህን ቤት ለምን ዘጋሽው? እውነቱን ንገሪኝ።"

ሸጌ አያልነህን አየች፤ እሳቸው ወደ መሬት አዩ። "መምህርሽ መጥቶ ነገረኝ" አለች። "ልጆቹ ሳቁባት፤ እሷ ግን ነጋዴ ናት ብላለች አለኝ። እኔም ነጋዴ ናት ካለች እንግዲህ ነጋዴ ልሁንላት አልኩ።"

ምኞት ፊቷን በሁለት እጇ ሸፈነች።

"ተይ፣ ምን ያስለቅስሻል" አለች ሸጌ፤ ገለባ የነካ እጇን በነጠላዋ ጠርጋ ራሷን ዳበሰቻት። "አንቺ ልጅ ነበርሽ። ሩዙም ባረከን፤ አኖረን። ለድምፄ አልቆጭም። እኔን የሚቆጨኝ ታይቱ ናት። ለእሷ አልነገርኳትም። ለብሳ ተኳኩላ ለሥራ ስትመጣ በሩ ላይ ቁልፍ ተንጠልጥሎ አገኘች። ምን ብዬ ልንገራት፤ ብነግራት እንዳታስቀረኝ ፈራሁ። ባሕር ዳር ሄዳ ተንከራተተች አሉ። ከዚያ ወዲህ ዓይን ለዓይን አልተያየንም። ትኑር ትሙት አላውቅም።"

"ኧረ አለች" አሉ አያልነህ። "ጉልበቷን አሟት ወንዛዬ ፍል ውሃ ገብታለች። ባለፈው ሰኞ በዚህ አልፋለች። ያንቺንም ስም ጠርታ ጠይቃኛለች፤ ስድብ ጨምራ ነው እንጂ።"

ሸጌ ከዘራዋን አነሣች። "ለመቼ ነው የሚኬድ?" አለች።

በማግስቱ ሸጌ ከቅዳሴ ስትወጣ ሄዱ። እስከ ሐሙሲት በሚኒባስ፣ ከዚያ በፒስታው መንገድ በባጃጅ። ባጃጁ ሲዘል ሸጌ አንድም ጊዜ "ቀስ በል" አላለችም። ወንዛዬ ሰው መልቶበታል። በሽተኛው ዳሱን ጥሎ፣ ምጣድና ጀሪካኑን ይዞ ከርሟል፤ የፍል ውሃው እንፋሎት ከርቀት ይታያል። የሴቶቹን መታጠቢያ ጠይቀው ገቡ።

ወይዘሮ ታይቱ እስከ ደረታቸው ውሃ ውስጥ ተቀምጠው ነበር። ወፍረዋል፤ ፀጉራቸው አጭር ተቆርጧል። ሸጌን ባዩ ጊዜ አልተንቀሳቀሱም።

"ቁልፉን አመጣሽልኝ?" አሉ።

ሸጌ ከዘራዋን ጥላ በእርጥቡ ድንጋይ ላይ ተንበረከከች። "ይቅር በይኝ እህቴ። በድዬሻለሁ። ሌላ የምለው የለኝም።"

በውሃው ውስጥ የነበሩት ሴቶች ጨዋታቸውን አቆሙ። ታይቱ ፊታቸውን በውሃ አበሱ። "ያን ቀን የለበስኩት ቀሚስ አዲስ ነበር" አሉ። "ተበድሬ የገዛሁት። አየሽ፣ እስከ ዛሬ አልረሳሁትም። ተነሽ አሁን፤ ድንጋዩ ጉልበትሽን ይበላዋል። ለአምስት ቀን እዚህ ነኝ። አምስት ቀን አብረሽኝ ከተዘፈዘፍሽ፣ ያን ጊዜ አስብበታለሁ።"

"ልብስ አልያዝኩም" አለች ሸጌ።

"እኔ አለኝ።" ዓይናቸው ምኞት ላይ አረፈ። "ይቺ ናት ከመጋረጃው ጀርባ የምታንኮራፋዋ?"

"ነኝ፣ እማማ" አለች ምኞት። "ሁሉም የሆነው በእኔ ነው። እኔንም ይቅር ይበሉኝ።"

"አንቺ ደግሞ ሂጂና ቅቤ ፈልጊልኝ። የያዝኩት አለቀብኝ" አሉ ታይቱ።

ምኞት ከዳስ ዳስ እየዞረች ስትጠይቅ ቆይታ ቅቤውን አገኘች፤ ዳቦና ሽሮም ጨመረችበት። ለይሁኔ ደውላ፣ እታለም አምስት ቀን ወንዛዬ እንደምትቆይ፣ እሷም ዛሬ አብራት እንደምታድርና ነገ ሥራ እንደማትገባ ነገረችው። ስትመለስ ሁለቱ አሮጊቶች ከውሃው ወጥተው ፀሐይ ላይ ተቀምጠዋል። ሸጌ የታይቱን ሰፊ ቀሚስ ለብሳ ጠፍታበታለች። የታይቱን እግር ጭኗ ላይ አድርጋ ጉልበታቸውን ታሻለች፤ ታይቱ ደግሞ ያ የአዴት ሾፌር ሞተሩን ያላጠፋው ለዘፈኑ ሳይሆን ለእሳቸው ብሎ እንደነበር በቁጣ ያስረዷታል።

"ለእኔ ነው እንጂ!" አለች ሸጌ።

ምኞት ቅቤውን አጠገባቸው አስቀምጣ፣ ነጠላዋን አንጥፋ ተቀመጠችና መስማት ጀመረች።